እርሻው የመንደሩ፣ መሬቱ የመንግሥት፦ የጀምና ኦአሲስ ጉዳይ

ይህ ጉዳይ ለምን ይጻፋል?

በደቡብ ቱኒዚያ፣ ሰሃራ በሚጀምርበት ጫፍ ላይ፣ ጀምና የምትባል ትንሽ የኦአሲስ መንደር አለች። ኦአሲስ በበረሃ ውስጥ ውሃና ልምላሜ የሚገኝበት ቦታ ነው። የሚኖሩባት ጥቂት ሺህ ሰዎች ናቸው። በ2011 ነዋሪዎቿ መንግሥት ለግለሰቦች አከራይቶት የነበረውን ትልቅ የቴምር እርሻ በእጃቸው አስገቡ። ከዚያ ወዲህ እርሻውን ራሳቸው አስተዳደሩት። ገቢውንም ለመንደሩ አዋሉት። በወረቀት ግን መሬቱ የመንግሥት ነው።

በዚያው ዓመት በቱኒዚያ ብዙ የመንግሥት እርሻዎች ተዘርፈዋል። ከብት ተነድቷል፣ ማሽን ተወስዷል፣ ዛፍ ተቆርጧል። ጀምና ውስጥ እንዲህ ያለ ነገር አልደረሰም። እርሻው እንደ እርሻ ቀጠለ፣ ሠራተኛው በዛ፣ ትርፉም ትምህርት ቤትና አምቡላንስ ላይ ዋለ። ይህ እንዴት ሊሆን ቻለ? የቱ ላይስ ተሰናከለ? ሁለቱንም ማወቅ ይጠቅማል። መሬት፣ ውሃና የጋራ ሀብት የእኛም የዕለት ተዕለት ጥያቄዎች ናቸውና።

የሰዎችን ስም ሆን ብዬ ትቻለሁ። ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

ቦታው

ጀምና ያለችው በቀቢሊ ግዛት፣ ነፍዛዋ በሚባለው አካባቢ፣ ከቀቢሊ ወደ ዱዝ በሚወስደው መንገድ ላይ ነው። በሰሜን ምዕራብ በኩል ሾት ኤል ጀሪድ የሚባለው የጨው ሐይቅ ተዘርግቷል። ስፋቱ ከ5,000 ካሬ ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ሐይቅ ይባል እንጂ አብዛኛውን ዓመት ደርቆ ነጭ የጨው ቅርፊት ሆኖ ነው የሚታየው። በደቡብ በኩል ደግሞ እስከ አልጄሪያ የሚዘልቀው የአሸዋ ክምር ይጀምራል።

በዓመት የሚዘንበው ዝናብ 100 ሚሊ ሜትር አይሞላም። አዲስ አበባ ላይ በሐምሌ ወር ብቻ የሚጥለው ዝናብ ከዚህ እጥፍ ይበልጣል። በጋ ላይ ሙቀቱ ከ45 ዲግሪ ያልፋል። ታዲያ ሰው እዚያ የሚኖረው ከመሬት ሥር ውሃ ስላለ ነው። ውሃው ባለበት ቴምር ይበቅላል። ቴምር ባለበት ጥላ አለ። ጥላ ባለበት ሌላው ሁሉ ይበቅላል።

የድሮው ኦአሲስ አተካከል ሦስት ደረጃ አለው። ከላይ የቴምር ዛፍ ነው። በሥሩ በለስ፣ ሮማንና ወይን ይተከላል። ከእነሱ በታች ገብስ፣ አትክልትና ለከብት የሚሆን አልፋልፋ ይዘራል። አንድ ጊዜ የፈሰሰ ውሃ ሦስቱንም ያጠጣል። የቴምሩ ቅጠል ፀሐዩን ስለሚከላከል ውሃው ቶሎ አይተንም።

ከአሸዋ ጋር ያለው ትግል ደግሞ ማለቂያ የለውም። ሰዎቹ የደረቀ የቴምር ዝንጣፊ በአሸዋው ላይ በረድፍ ይተክላሉ። ነፋስ የሚያመጣው አሸዋ እዚያ ላይ እየተከመረ አጥሩን ይውጠዋል። ከዚያ በክምሩ አናት ላይ ሌላ ረድፍ ይተከላል። እንዲህ እየተደራረበ ዓመት ከዓመት ከፍ የሚል ግንብ ይሆናል። ሥራው ለጥቂት ዓመታት ከተተወ አሸዋው ገብቶ ዛፉን ይቀብረዋል።

ቴምር የሚጠይቀው ሥራ

ቴምር ከዛፉ ላይ እንዲሁ ተለቅሞ የሚበላ ፍሬ የሚመስለው ብዙ ሰው ነው። ሥራውን በቅርበት ካላየን የጀምና ሰዎች ለምን እንደተቆጡ አይገባንም።

የቴምር ዛፍ ወንድና ሴት አለው። ፍሬ የምትሰጠው ሴቷ ብቻ ናት። ነፋስ የወንዱን አበባ ዱቄት ሊያመጣላት ይችላል፤ ለገበያ የሚበቃ ፍሬ ለማግኘት ግን ያ አይበቃም። ስለዚህ በጸደይ፣ ከማርች ጀምሮ ባሉት ወራት፣ ሠራተኛው ዛፉ ላይ ይወጣል። የሴቷ አበባ ከሽፋኑ ፈንድቶ ሲወጣ ብዙ ቀጫጭን ዘለላ አለው። ሠራተኛው ከወንዱ ዛፍ የቆረጣቸውን ጥቂት ዘለላዎች ይዞ ይወጣና በሴቷ ዘለላዎች መሃል ሰካ ያደርጋቸዋል። ከዚያ በቅጠል ልጥ ላላ አድርጎ ያስረዋል። ይህ ሥራ የጥቂት ቀን ዕድል ብቻ ነው ያለው። አበባው ካለፈ የዚያ ዓመት ፍሬ የለም።

ሠራተኛው በዚህ አያበቃም። ፍሬው ሲይዝ ተመልሶ ወጥቶ ያሳሳዋል። ዘለላው ሲከብድ እንዳይሰበር ከዝንጣፊው ጋር ያስረዋል። መኸር ሲቃረብ ዘለላውን በፕላስቲክ ወይም በመረብ ይሸፍነዋል። እዚህ ላይ አንድ የሚገርም ነገር አለ። ዝናብ ብርቅ በሆነበት አገር፣ በመስከረምና በጥቅምት የሚጥል ዝናብ ጠላት ነው። የበሰለው ቴምር ውሃ ከነካው ይቦካል፣ ይበሰብሳል።

የአካባቢው ዋና ዘር ደግለት ኑር ነው። ወርቃማ ቡኒ ቀለም አለው። ወደ ፀሐይ ከፍ ሲያደርጉት በፍሬው ውስጥ ያለው ጠንካራ ዘር ይታያል። ገዢዎች ከነዘለላው ይፈልጉታል። ዘለላው ወድቆ ከተጋጨ ዋጋው ስለሚወርድ ከዛፍ ላይ አይወረወርም። ሰዎች ግንዱ ላይ ከላይ እስከ ታች ተደርድረው ይቆማሉ። አናት ላይ ያለው ይቆርጣል። ዘለላው እጅ በእጅ እየተቀባበሉት ይወርዳል። ከታች ያሉት ይለዩታል፣ ሳጥን ውስጥ ይከቱታል።

እያንዳንዱ ዛፍ በዓመት ደጋግሞ ይወጣበታል ማለት ነው። የጀምናው እርሻ ወደ 10,000 የሚጠጋ ዛፍ አለው። ይህን ያህል ሥራ ለስንት ሰው እንደሚሰጥና በስንት ክፍያ እንደሚሠራ የሚወስነው እርሻውን የያዘው ነው።

የመሬቱ ታሪክ

መሬቱ ከፈረንሳይ ቅኝ ግዛት በፊት የአካባቢው ማኅበረሰብ የጋራ መሬት ነበር። ቅኝ ገዢዎቹ ወሰዱት። በ1930ዎቹ አንድ ፈረንሳዊ ባለሀብት በዘመናዊ መንገድ ቴምር ተከለበት። የመንደሩ ሰዎች በገዛ አባቶቻቸው መሬት ላይ የቀን ሠራተኛ ሆኑ።

ቱኒዚያ በ1956 ነፃ ወጣች። በ1964 መንግሥት በውጭ ዜጎች እጅ የነበረውን የእርሻ መሬት በሙሉ ወረሰ። የጀምና ሰዎች መሬታቸው የሚመለስ መስሏቸው ነበር። መንግሥት ግን ለራሱ አደረገው። እነሱም በገንዘባቸው ሊገዙት ተነሡ። መንደሩ ሲናገረው የኖረው እንዲህ ነው፦ ዋጋው 80,000 ዲናር (የቱኒዚያ ገንዘብ) ተባለ፤ ሰው ከየቤቱ አዋጥቶ ግማሹን፣ 40,000 ዲናር፣ ከፈለ። ያኔ ያ ገንዘብ ለድሃ መንደር ትልቅ ነገር ነበር። ሆኖም በወቅቱ የነበረው የግዛቱ አስተዳዳሪ ገንዘቡ ወደ ሌላ ኢንቨስትመንት እንዲዞር አደረገ። መሬቱ አልመጣም። ያዋጡት ሰዎች እያረጁ ሞቱ፤ ለልጆቻቸው የተረፈው ታሪኩ ነው። ለ40 ዓመት ያህል እርሻው ለመንደሩ ላም አለኝ በሰማይ ሆኖ ቀረ።

በመሃሉ አንድ የመንግሥት የወተት ኩባንያ እርሻውን ያስተዳድር ነበር። ኩባንያው ከሰረ። በ2002 እርሻው ለሁለት የግል ተከራዮች በረጅም ውል ተሰጠ። ነዋሪዎቹ ኪራዩ እርሻው ከሚያስገኘው ጋር ሲነጻጸር እዚህ ግባ የማይባል እንደነበር ይናገራሉ። ተከራዮቹ ለባለሥልጣን ቅርብ የሆኑ ሰዎች እንደነበሩም ይታመናል። ለመንደሩ የተረፈው ጥቂት የቀን ሥራ ብቻ ነው።

ችግሩ

ችግሩን በአንድ ዓረፍተ ነገር ማስቀመጥ ይቻላል። የመንደሩ ዋና ሀብት ከመንደሩ አፍንጫ ሥር ነው፤ ትርፉ ግን ሌላ ቦታ ይሄዳል።

ወጣቱ ሥራ የለውም። ወይ ወደ ባሕር ዳርቻ ከተሞች ይሄዳል፣ ወይ ወደ ፈረንሳይ ይሰደዳል። ትምህርት ቤቱ ክፍል ያንሰዋል። የታመመ ሰው በወቅቱ ሆስፒታል የሚያደርሰው መኪና የለም። በየመኸሩ ደግሞ የቴምር ሳጥን የጫኑ መኪናዎች በመንደሩ መሃል ያልፋሉ። ይህን ለዓመታት ያየ ሰው በውስጡ ምን እንደሚከማች መገመት አያቅትም።

የተወሰዱ እርምጃዎች

በ2010 መጨረሻ በቱኒዚያ ተቃውሞ ተነሣ። በጃንዋሪ 12፣ 2011 የጀምና ነዋሪዎች ወደ እርሻው ገቡ። ፕሬዚዳንቱ ከአገር የሸሸው ከሁለት ቀን በኋላ ነው። የመንግሥቱን መውደቅ ሳያዩ ነው የተነሡት፤ ይህ ድፍረት ሊጠቀስ ይገባዋል። ድንኳን ጥለው ለወራት እዚያው ተቀመጡ።

የመጀመሪያው ትልቅ ውሳኔ መሬቱን አለመከፋፈል ነበር። ቀላሉ መንገድ ለየቤተሰቡ የተወሰነ ዛፍ ማደል ነው። ሁሉም ደስ ይለው ነበር። እነሱ ግን እርሻው አንድ ሆኖ እንዲቀጥል ወሰኑ። በእኔ እምነት የጉዳዩ ቁልፍ እዚህ ላይ ነው። የቴምር እርሻ በጥቂት ጥልቅ ጉድጓዶች ላይ የተንጠለጠለ ነው። ዛፉን ብትከፍለው ጉድጓዱን መክፈል አትችልም። ክፍፍሉ ከተጀመረ በዓመቱ የውሃ ጠብ ይነሣ ነበር።

ሁለተኛው ጥያቄ ጊዜ ነበር። በጃንዋሪ እርሻውን ያዙ። የማዳቀሉ ሥራ ጸደይ ላይ ነው። ለፖለቲካ ክርክር የሚሆን ፋታ አልነበረም። ካዝናው ባዶ ነው። ለሠራተኛ፣ ለኤሌክትሪክና ለፓምፕ ጥገና ገንዘብ ያስፈልጋል። ያለው ከኪሱ አዋጣ፣ አበደረ። በዚያ ገንዘብ የመጀመሪያው ሰብል ደረሰ።

ሥራውን የሚመራ ማኅበር ተቋቋመ። ስሙ የጀምና ኦአሲሶች ጥበቃ ማኅበር ነው። ከመሪዎቹ መካከል መምህራንና የቀድሞ የሠራተኛ ማኅበር ሰዎች ነበሩበት። በበጎ ፈቃድ ነበር የሚሠሩት። ሰብሉ ገና ዛፍ ላይ እያለ በግልጽ ጨረታ ይሸጣል፤ ነጋዴዎች መጥተው ሁሉም ሰው ባለበት ዋጋ ይጠራሉ። ገቢና ወጪው ለመንደሩ ይነገራል። ትላልቅ ጉዳዮች ወደ መንደሩ ስብሰባ ይቀርባሉ።

የሠራተኛው ቁጥር ጨመረ። ከመቶ በላይ ሰው ከእርሻው ደመወዝ ያገኝ ጀመር። ከወጪ የተረፈው ለጋራ ጉዳይ ዋለ። ለትምህርት ቤት ክፍሎች ተሠሩ። ለመንደሩ አምቡላንስ ተገዛ። ጣሪያ ያለው የቴምር ገበያ ተገነባ። የስፖርት ቦታ ተሠራ። ለአካል ጉዳተኞች የሚሠራ ማኅበርም ድጋፍ አገኘ።

የ2016ቱ ፍጥጫ

የመጀመሪያዎቹ ዓመታት መንግሥት ራሱ የተረጋጋ አልነበረም። ጀምናን እንዳላየ አለፈ። በ2016 ግን የመንግሥት ንብረት ጉዳይ የሚመለከታቸው ባለሥልጣናት ጠንከር ብለው መጡ። መሬቱ የመንግሥት ነው፣ ሰብሉንም ማኅበሩ ሊሸጥ አይችልም አሉ። ነጋዴዎች እንዳይገዙ ተነገራቸው።

መንደሩ ጨረታውን አልሰረዘም። በኦክቶበር ወር የመንደሩ ሰው፣ ከሌላ ከተማ የመጡ ደጋፊዎችና የፓርላማ አባላት በተገኙበት ጨረታው ተካሄደ። ሰብሉ በ1.7 ሚሊዮን ዲናር ተሸጠ። በማግስቱ ጉዳዩ የአገር ወሬ ሆነ። ከዚያ የማኅበሩ የባንክ ሂሳብ ታገደ። ጨረታውን ያሸነፈው ነጋዴ ሂሳብም እንዲሁ ታገደ።

የመንግሥትን ክርክር በቅንነት ማየት ያስፈልጋል። ቱኒዚያ ውስጥ በሕዝብ ስም የተያዘ ሰፊ የእርሻ መሬት አለ። እያንዳንዱ መንደር በአጠገቡ ያለውን ወስዶ የራሴ ነው ቢል፣ በአጠገቡ እርሻ የሌለው መንደር ድርሻ ምን ይሆናል? ጥያቄው ተገቢ ነው። የመንደሩ መልስ ደግሞ ሦስት ነገር ነበረው። መሬቱ የአባቶቻችን ነው። ግማሽ ዋጋውን ከፍለናል። ገንዘቡ የት እንደዋለ ደግሞ መጥታችሁ እዩ። ሦስተኛው መልስ ከሁሉም የጠነከረው ይመስለኛል። መንደሩ ድጋፍ ያገኘበት ዋና ምክንያትም እሱ ነው። ሕጉን የማያውቅ ሰው እንኳ አምቡላንሱን ያውቃል።

ከዚያ ድርድር መጣ። የአክሲዮን ኩባንያ ይሁን፣ የኅብረት ሥራ ይሁን፣ ውሉ በምን መልክ ይፈረም የሚሉ ሐሳቦች ተነሡ። ጉዳዩ ብሔራዊ ክርክር ቀሰቀሰ። በጁን 2020 የቱኒዚያ ፓርላማ ስለ ማኅበራዊና የትብብር ኢኮኖሚ ሕግ አወጣ። ስለዚያ ሕግ ሲወራ ጀምና ሁልጊዜ ምሳሌ ትሆን ነበር። በማርች 2022 ደግሞ በወቅቱ የነበሩት ፕሬዚዳንት ነዋሪዎች በጋራ ኩባንያ የሚያቋቁሙበትን አዋጅ አወጡ። ሁለቱም ለጀምና የመሬት ባለቤትነት አልሰጧትም።

ምን ሠራ?

ከሁሉ በፊት የሠራው የሂሳብ ግልጽነት ነው። ይህን አጥብቄ መናገር እፈልጋለሁ። እርሻውን የያዙት ሰዎች በሕግ ፊት ደካማ ነበሩ። መከላከያቸው የሰዉ እምነት ብቻ ነው። ከዚያ ገንዘብ ላይ ጥቂት ዲናር ቢጠፋ ኖሮ ሌባ ለማለት የሚጠብቅ ብዙ ነበር። ጨረታው በአደባባይ መሆኑ፣ ገቢው መነገሩ፣ ወጪው በዓይን መታየቱ ለዓመታት ጠበቃቸው። እድር የሚያውቅ ሰው ይህን ይረዳዋል፤ ገንዘብ ያዡ ደብተሩን ገልጦ ካላነበበ በቀር አዋጪው በሚቀጥለው ወር አይመጣም።

ሁለተኛ፣ ትርፉ ሁሉም ቤት በሚደርስ ነገር ላይ ዋለ። እርሻው ውስጥ የማይሠራ ሰው ልጁ ትምህርት ቤቱ ውስጥ አለ። ዘመድ የሌለውም ሲታመም አምቡላንሱ ይመጣለታል። ስለዚህ እርሻው ሲነካ የተነሣው መንደሩ በሙሉ ነው፤ ደመወዝተኛው ብቻ ቢሆን ኖሮ የ2016ቱን ግፊት አይቋቋሙትም ነበር።

ሦስተኛ፣ ሥራው ሙያ ባላቸው ሰዎች እጅ ቀረ። ማዳቀል፣ ዘለላ ማሰር፣ ጉድጓድ መጠገን በንግግር አይሆንም። ድሮም ዛፉ ላይ ይወጡ የነበሩት ናቸው የቀጠሉት። እርሻው ከዓመት ዓመት ሰብል ሰጠ።

ምን አልሠራም?

ወረቀቱ አልሠራም። በ2011 እና በ2012 መንግሥት ደካማ፣ ሕዝቡ ጠንካራ ነበር። ጊዜያዊም ቢሆን የተፈረመ ውል ለማግኘት ከዚያ የተሻለ ወቅት አልነበረም። ያ መስኮት ተዘጋ። መንግሥት ሲጠናከር መንደሩ ሊያሳየው የሚችለው ሥራውን ብቻ ሆነ። ሥራው ሕዝብን ያሳምናል። ባንክን ግን አያሳምንም። የተበላሸ ፓምፕ ለመተካት ወይም አዲስ ዛፍ ለመትከል ብድር የሚፈልግ ማኅበር የሚያስይዘው ነገር ያስፈልገዋል። ቴምር ደግሞ ከተተከለ በኋላ ደህና ፍሬ ለመስጠት ዓመታት ይፈልጋል። መሬቱ ነገ በማን እጅ እንደሚሆን ሳያውቅ ያን ያህል የሚጠብቅ ማን ነው? አንድ ሂሳብ ሲታገድ ሁሉም ነገር መንገዳገዱም የመጣው ከዚሁ ነው።

ሌላው ድክመት የዘሩ ነገር ነው። እርሻው ከቅኝ ግዛት ዘመን ጀምሮ ለውጭ ገበያ የታሰበ ነው። ደግለት ኑር ገበያ አለው፣ ዋጋው ጥሩ ነው። ግን አንድ ዘር ብቻ መትከል አደጋ አለው። በሞሮኮና በአልጄሪያ ባዩድ የሚባል የፈንገስ በሽታ በጣም ብዙ የቴምር ዛፍ ገድሏል። ደግለት ኑር በቀላሉ ከሚጠቁት አንዱ ነው። ቱኒዚያ ከውጭ የቴምር ችግኝ እንዳይገባ የምትከለክለው ለዚህ ነው። ባለ ሦስት ደረጃው የድሮ አተካከል ይህን ዓይነቱን አደጋ ያከፋፍል ነበር። እርሻው ወደ ማኅበሩ እጅ መግባቱ ይህን አልቀየረውም።

የከፋው ግን ውሃው ነው።

በነፍዛዋ ድሮ ውሃ በራሱ ከመሬት ይፈልቅ ነበር። መንደሮቹ የተቆረቆሩት በምንጮቹ ዙሪያ ነው። በ20ኛው ክፍለ ዘመን ጥልቅ ጉድጓዶች ሲበዙ ምንጮቹ ደረቁ። አሁን ውሃው የሚመጣው ከሁለት ትላልቅ የከርሰ ምድር ክምችቶች ነው። ጥልቁ ክምችት ቱኒዚያን፣ አልጄሪያንና ሊቢያን ያዳርሳል። ከአንዳንዱ ጉድጓድ የሚወጣው ውሃ ስለሚፋጅ ወደ ማሳ ከመግባቱ በፊት ማቀዝቀዣ ማማ ላይ ይፈስሳል። ይህ ውሃ በአብዛኛው በሺዎች ከሚቆጠሩ ዓመታት በፊት፣ ሰሃራ ዝናብ በነበረው ዘመን የገባ ነው። ዛሬ የሚተካው ጥቂት ነው። አንድ ሄክታር ቴምር ደግሞ በዓመት ከ15,000 እስከ 20,000 ሜትር ኩብ ውሃ ይጠጣል።

ከ2011 በኋላ ቁጥጥሩ ሲላላ በቀቢሊ ግዛት ያለ ፈቃድ የተቆፈረ ጉድጓድ በዛ። ሰው በረሃውን እየገፋ አዳዲስ የግል እርሻ ከፈተ። ጀምና የጋራ እርሻዋን በጥንቃቄ ስታስተዳድር፣ በአካባቢው ያለው የግል ቁፋሮ ከዚያው ክምችት ይጠጣል። ውሃው ወደ ታች ይሸሻል። ጨዋማነቱ ይጨምራል። የጨው ሐይቁ ቅርብ ነውና ስጋቱ የእውነት ነው። መሬቱ የጋራ ሆነ፤ ውሃው ግን የቀደመ የሚወስደው ሆኖ ቀረ። ይህን አንድ መንደር ብቻውን ሊፈታው አይችልም። መንግሥትም እርሻውን ለማስመለስ ያሳየውን ጉልበት ጉድጓዶቹን ለመቆጣጠር አላሳየም። ይህ እውነቱን ለመናገር ያሳዝናል።

ለሌላ ቦታ የሚሆን ትምህርት

ስለ ጀምና ሳነብ ሐሳቤ ደጋግሞ ወደ አዋሽ ሸለቆ ይሄዳል። እዚያም የአፋር አርብቶ አደሮች በደረቅ ወቅት ከብት የሚያሰማሩበት የወንዝ ዳር መሬት በ1960ዎቹ ለጥጥ እርሻ ተወስዷል። በ1975 ደግሞ መንግሥት ወረሰው። ባለቤቱ ተቀያየረ እንጂ የነዋሪው ጥያቄ አልተቀየረም። ሁኔታው አንድ ዓይነት ነው ማለቴ አይደለም። እርሻና ግጦሽ የተለያዩ ናቸው። ግን ከጀምና የሚወሰድ ነገር አለ።

የጋራ ሀብት ሲገኝ መጀመሪያ የሚመጣው ፈተና መከፋፈል ነው። ሀብቱ በአንድ የውሃ ምንጭ ላይ የቆመ ከሆነ መከፋፈሉ ቶሎ ያፈርሰዋል። ይህን ውሳኔ ሰዉ ገና በጋለበት፣ በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት መወሰን ይሻላል። አንድ ቤተሰብ ድርሻውን አጥሮ ከያዘ በኋላ መመለስ ከባድ ነው።

ሂሳብ በአደባባይ ይነገር። በየዓመቱ አንዴ የሚወጣ ኦዲት ብቻ አይበቃም፤ ብዙ ሰው አያነበውም። የጀምና ጨረታ ኃይሉ ዋጋው ሲጠራ ሁሉም መስማቱ ነው። ማንበብ የማይችል አዛውንት እንኳ ዘንድሮ ሰብሉ በስንት እንደተሸጠ ያውቃል።

የመጀመሪያው ትርፍ ምን ላይ ይዋል የሚለውም ቀላል ጉዳይ አይደለም። ቶሎ የሚታይ፣ ለሁሉም የሚሆን፣ ሊሰረቅ የማይችል ነገር ይመረጥ። የትምህርት ክፍል ይህን ሁሉ ያሟላል። በየቤቱ የሚታደል ጥሬ ገንዘብ ግን ለጊዜው ያስደስትና በሚቀጥለው ዓመት ለምን አነሰ የሚል ጭቅጭቅ ያመጣል።

ጉልበት ባለበት ሰዓት ውል ይፈረም። ሙሉ ባለቤትነት ካልተገኘ የአምስት ዓመት ኪራይም ቢሆን ከባዶ እጅ ይሻላል። ለመንግሥት ትንሽ ኪራይ መክፈል እንደ ሽንፈት ሊታይ ይችላል። ደረሰኙ ግን ፍርድ ቤት ውስጥ ይናገራል።

ውሃውን በተመለከተ፣ እርሻ የሚረከብ ማኅበር ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ መለካት አለበት። እያንዳንዱ ጉድጓድ ላይ ቆጣሪ ይገጠም። በየወሩ የውሃው ጥልቀትና ጨዋማነቱ ይመዝገብ። ጨረታው ላይ የሰብሉ ዋጋ በሚነገርበት ሰዓት፣ ዘንድሮ ውሃው ስንት ሜትር እንደወረደም ለዚያው ሕዝብ ይነገር። ጎረቤቶቹ ያለ ፈቃድ ሲቆፍሩ ማኅበሩ መጮህ የሚችለው የራሱን ቁጥር በእጁ ከያዘ ብቻ ነው።